የምራቴ አባት ቤት

የምራቴ አባት ሄምራጅ እኔ ቤት ውሃ እንኳ አይጠጣም። እንዲህ ያለ ግትር ሰው በዕድሜዬ አላየሁም። እኔ ኬሰር ራሴ ግትር ነኝ፤ ሟቹ ባሌ በዚሁ ሲያማኝ ኖሮ ነው የሞተው። ስለዚህ ስለ ግትርነት የምናገረው ሳላውቅ አይደለም።

ምግባችንን ጠልቶት አይደለም። ልጁን ሱግናን ለልጄ ለናቫል ሲድር በሠርጉ እሳት ፊት ቁጭ ብሎ እጇን አነሳና በናቫል መዳፍ ላይ አሳረፈው፤ ከላይም ውሃ አፈሰሰበት። እንዲህ የተሰጠ ነገር ወደ ሰጪው አይመለስም። «ከሰጠኋት ቤት አንድ ጉርሻ ብቀምስ ሰጥቶ መንሳት ነው» ይላል። የዛሬ አባቶች ይህን ትተውታል። የጎረቤቴ ምራት አባት በየዓመቱ መጥቶ ወር ሙሉ ይቀመጥና ወፍሮ ይመለሳል። በሄምራጅ መንደር ግን ድሮ ገና አላለፈም።

ዝናብ ሲገባ፣ በሴቶቹ የዥዋዥዌ በዓል ሰሞን፣ ጣፋጩንና ለልጁ የገዛውን ልብስ ይዞ በአውቶቡስ ይመጣል። ቀይ ጥምጥሙን ጠምጥሞ፣ ጢሙን በዘይት አበጥሮ፣ በራችን ላይ ካለው የኒም ዛፍ ሥር በገመድ አልጋው ላይ ይቀመጣል። ሻይ ሲቀርብለት እጁን ደረቱ ላይ ያደርግና «አሁን ጠጥቼ መጣሁ» ይላል። የት እንደጠጣ እንጃለት። ሲብስበት ተነስቶ መንገድ ዳር ካለው የማዘጋጃ ቤት ቧንቧ በእፍኙ ይጠጣና ጢሙን እየጠረገ ይመለሳል። የልጅ ልጁ ጉዲ አንድ ቀን በሁለት እጇ ብርጭቆ ይዛ ወጣችና «ውሃችን ቆሻሻ ነው እንዴ?» አለችው። ሰውየው እሷንም ብርጭቆውንም አቅፎ ቀረ። ሱግና ይህን ሁሉ ከበሩ ጀርባ ተከናንባ ታያለች፤ ምንም አትልም። ሱግና እንደሆነች ከገባች ጀምሮ ድምጿን ከፍ አድርጋ ያወራችበትን ቀን አላስታውስም። ጎረቤቶቼ «እንዲህ ያለች ዝምተኛ ምራት ከየት አገኘሽ?» እያሉ ይቀኑብኛል።

አምና ዝናቡ ከበደ። እዚህ አሸዋ አገር ዝናብ ሲጠፋ እንለምነዋለን፣ ሲመጣ ደግሞ ቤት ያፈርሳል። አንድ ጠዋት ከሄምራጅ መንደር ስልክ መጣ፤ የቤቱ የጭቃ ግድግዳ ተንዶ እግሩን ሰብሮታል። ናቫል የሞተር ብስክሌት መጠገኛውን ዘግቶ፣ የጓደኛውን ጂፕ ለምኖ ሄደ። ሐኪም ቤት ወስዶ እግሩን በጀሶ አሳሰረለትና በቀጥታ ወደኛ ይዞት መጣ። ሌላ የት ይውሰደው? ሚስቱ ከሞተች ቆይታለች፣ ወንድ ልጅ የለው፣ ሱግና አንዲት ልጁ ናት።

ተሸክመው ሲያስገቡት ፊቱን በጥምጥሙ ጫፍ ሸፍኖ ነበር። አሞት መስሎኝ ነበር፤ ለካ አፍሮ ነው። ከጂፑ ውስጥ ደግሞ የራሱ የውሃ እንስራና አንድ ስልቻ በሶ ወረደ። ቤቱ ላዩ ላይ ተንዶ፣ እግሩ ተሰብሮ፣ ሰውየው ያሰበው ስንቁን ነው።

«እኔ እኮ አላስቸግራችሁም» አለኝ አልጋ ላይ እንደተጋደመ። «ውሃዬ አለ፣ በሶዬ አለ። እግሬ እስኪጠና ብቻ ነው።»

«እንስራው ሲያልቅስ?» አልኩት።

«ከመንገዱ ቧንቧ ይሞላልኛላ።»

«ማን ነው የሚሞላልዎት? ልጅዎ?»

«እሷማ አይሆንም።»

«ናቫል?»

ኃጢአት እንደሰማ ሰው ጆሮውን ያዘ። «አማቼ ውሃ ሊቀዳልኝ! ፊቴን የት አደርገዋለሁ?»

የቀረሁት እኔ ነኝ። ግቢዬ ውስጥ ቧንቧ እያለኝ በዚህ ዕድሜዬ የሰው እንስራ ይዤ መንገድ ወጥቼ ስቀዳ ሰፈሩ ሁሉ አየኝ። ያችው የምራቷ አባት የሚወፍርባት ጎረቤቴ አጥሯ ላይ ተደግፋ «ኬሰር፣ ውሃ ተቆረጠባችሁ እንዴ?» አለችኝ። «አዎ፣ አእምሮም አብሮ ተቆርጦብናል» ብያት ገባሁ።

በሶ ጥሩ ነገር ነው፣ ለመንገደኛ። አጥንት ግን አይገጥምም። ሐኪሙ ወተት፣ ምስር፣ ቅቤ ብሏል። ሰውየው ጠዋት በሶ፣ ማታ በሶ እየበጠበጠ ጉንጩ ገባ። ናቫል አጠገቡ ተቀምጦ «ልጅዎ አይደለሁም?» ሲለው «አንተ ልጄ አይደለህም፣ አማቼ ነህ፤ አማች ደግሞ እንደ አምላክ ነው። ከአምላክ ሳህን ማን ይበላል?» ይለዋል። ሌላ ቀን ናቫል ሻይ ቤት ሄዶ ወተት ገዝቶ አመጣለት፤ «በማን ኪስ?» ብሎ መለሰው። ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ ነው።

ቤታችን የመጀመሪያው ቂጣ የላሟ ነው። ከምጣዱ እንደወጣ በሩ ላይ ለምትቆመው የሰፈር ላም ይሰጣል፣ ከዚያ እኛ እንበላለን። አንድ ቀን ላሟን ሳያት ሆዷ እንደ ከበሮ ተነፍቷል። ጠረጠርኩ። በማግስቱ ጥግ ይዤ ስጠብቅ ሱግና የላሟን ቂጣ ሰጠቻት፤ ቀጥላ የራሷንም ድርሻ አጥፋ ሰጠቻት።

«ነይ እስቲ ወዲህ» አልኳት።

ክንብንቧን ወደታች ሳበች።

«ከመቼ ጀምሮ ነው የማትበዪው?»

«እበላለሁ፣ እማማ።»

«ላሟ ናት የምትበላው። ልትወልድ ነው መሰለኝ።»

ድምጿ ከመሬት የሚወጣ ይመስል፣ «እሱ ግድግዳ ማዶ በሶ እየላሰ እኔ ቅቤ የተቀባ ቂጣ አይወርድልኝም» አለች። ከዚያ ከተናገረችው ነገር ሸሽታ ወደ ምድጃው ገባች። አንጀቴን በላችው። በዚያ ላይ ተናደድኩ፤ በአንድ ጣሪያ ሥር ሁለት ሰው በክብር እየተራበብኝ እኔ እንዴት ልበላ ነው?

ሰሞኑን እህቶች ለወንድሞቻቸው ክር የሚያስሩበት በዓል ነበር። ሐሳብ መጣልኝ፤ እንዲያውም በሐሳቤ ኮራሁ። ሳህን ላይ ቀይ ክር፣ ግንባር የሚቀባ ቀይ ዱቄት፣ አንድ ቁራጭ ጣፋጭ አድርጌ፣ ንጹሕ ልብስ ለብሼ፣ ክንብንቤን አስተካክዬ ሄምራጅ ፊት ቆምኩ። ናቫልና ሱግና በሩ ላይ ቆመው ያያሉ።

«እጅዎን ይስጡኝ» አልኩት። «ከዛሬ ጀምሮ ወንድሜ ነዎት። ይህ የልጅዎ ቤት መሆኑ ቀርቶ የእህትዎ ቤት ነው። እህት ያቀረበችውን ጣፋጭ ደግሞ ዛሬ እንቢ ማለት ኃጢአት ነው።»

ክሩን አየ። እኔን አየ። ጢሙን እያሻሸ ብዙ አሰበ፤ ያዝኩት ብዬ ልቤ ዘለለ።

«ኬሰር» አለኝ በቀስታ፣ «እርስዎ እህቴ ከሆኑ፣ ናቫል የእህቴ ልጅ ነው ማለት ነው።»

«አዎ።»

«ታዲያ ሱግናን ለአክስቷ ልጅ ነው እንዴ የዳርኳት? እነዚህን ልጆች ምን አደረግናቸው?»

ናቫል ከበሩ ሮጦ ወጣ፤ ከውጭ ሲስቅ ሰማሁት። ሱግና ክንብንቧ ውስጥ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። ሄምራጅ ራሱ ከተኛ ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። እኔም ሳህኔን ይዤ ወጣሁና ጣፋጩን ራሴ በላሁት። ምን ላድርገው?

ከሳቁ በኋላ ግን ቤቱ ይበልጥ ከበደ። ስልቻው እየሟሸሸ ሄደ። አንድ ከሰዓት በኋላ ሄምራጅ ናቫልን ጠርቶ «ነገ አውቶቡስ ላይ አሳፍረኝ» አለው። ናቫል «የት ሊገቡ? ቤቱ እኮ ወድቋል» ቢለው «ሁለት ግድግዳ አለ፣ ሸራ እወጥርበታለሁ» አለው። ክራንች ይዞ እንኳ ከአልጋው እስከ በሩ መድረስ የማይችል ሰው ነው ሸራ የሚወጥረው። ናቫል እያጉረመረመ ወጣ።

እኔ ግቢው ውስጥ በርበሬ አሰጣለሁ። ሱግና ወደ አባቷ ስትገባ አየሁ። ጆሮ እግዜር የሰጠኝ ልሰማበት ነው፤ አልሸሸሁም።

«ለምን ይሄዳሉ?» አለችው።

«መሄድ አለብኝ፣ ልጄ።»

«እንዲህ ሆነው ቢሄዱ ይሞታሉ።»

«ሰው አንዴ ነው የሚሞተው።»

«ቤቱ አሳዝኖዎት ነው?»

«ግድግዳው ጭቃ ነው» አለ። «እኔ እንደሆንኩ ዛፍ ሥርም አድራለሁ። እኔን ያሳዘነኝ አንቺ የምትመጪበት ቤት ማጣቴ ነው። ያለዚያ ወዴት ብዬ ልጥራሽ? ሴት ልጅ የአባት ቤት ከሌላት ከባልዋ ቤት ብትጣላ እንኳ የምትኮርፍበት የላትም።»

ሱግና አለቀሰች። ድምፅ የላትም ስታለቅስ፤ አባቷ «ተይ፣ ተይ» ሲል ነው ያወቅኩት።

በርበሬውን ትቼ ተቀመጥኩ። የእኔ አባት ናቫል የተወለደ ጊዜ የልጅ ልጁን ሊያይ መጥቶ ነበር፤ ዝናብ ሳይገባ ባለው በዚያ ሙቀት፣ ከባቡር ጣቢያው በእግሩ። ደጃፉ ላይ ተቀመጠ፣ ሕፃኑን አቀፈ፣ ጸጉሩን አሸተተው። ከንፈሩ ተሰነጣጥቆ ነበር። እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ውሃ የሞላ እንስራ ይዤ ቆሜያለሁ፤ ማቅረቡም አልተፈቀደልኝ፣ መቀበሉም አልተፈቀደለት። ተነስቶ ሄደ። በዚያው ዓመት ብርድ ሲገባ ሞተ። አባቴ አንድ ብርጭቆ ውሃ ሳላጠጣው ነው የሄደው። ሕጉን ማን እንዳወጣው አላውቅም። ያወጣው ሰው ግን ሴት ልጅ አልነበረችውም፣ ወይም ነበረችውና አይወዳትም።

ግን ተቀምጬ ሳስብ፣ እስካሁን የደከምነው በተሳሳተ በኩል እንደሆነ ገባኝ። እኛ ሰውየውን የልጁ ቤት ለማብላት ነው የታገልነው። ሰውየው የጎደለው ምግብ አይደለም፤ ቤት ነው። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም እንዲሉ፣ ከልብ ሲያስቡ መላ አይጠፋም።

ቤታችን ከመንገዱ በኩል ባሌ የግመሉን ገለባ የሚያከማችበት አንድ ክፍል አለ። ግመሉም ባሌም ከሄዱ ወዲህ የተሰበረ ብስክሌትና አይጥ ነው ያለበት። ሁለት በር አለው፤ አንዱ ወደ ግቢያችን፣ ሌላው ወደ መንገድ፣ ያኛው በሳንቃ የተመታ። ሄጄ አየሁት። ከዚያ ሄምራጅ ጋ ገባሁ።

«ነገ ይሄዳሉ አሉ» አልኩት።

«አዎ። ይቅር በሉኝ።»

«መሄድዎ ካልቀረ አንድ ነገር ልንገርዎ። እኔ ተከራይ እፈልጋለሁ።»

«ምን?»

«ተከራይ። ያ የመንገዱ ዳር ክፍል ባዶ ነው። ወደ ግቢዬ የሚያስገባውን በር በጡብ እደፍነዋለሁ። የመንገዱን በር እከፍተዋለሁ። የሚከራየኝ ሰው በራሱ በር ይገባል፣ በራሱ ምድጃ ያበስላል፣ የራሱን እህል ይበላል። እኔን አያውቀኝም፣ አላውቀውም።»

ቀና ብሎ አየኝ። «ግድግዳው የማን ነው?»

«የእኔ ነው፤ የማን ይሁን? በየከተማው ተከራይ በሰው ግድግዳ ውስጥ የራሱን ቂጣ ይበላል። የባለቤቱን በላ ያለው ሰው አለ?»

ይህ ከበደው። «ውሃውስ?» አለ።

«የማዘጋጃ ቤቱ ቧንቧ በሩ ላይ ነው። ማዘጋጃ ቤቱ አማችዎ ነው እንዴ?»

ጢሙ ሥር ፈገግ አለ፣ ግን ወዲያው ኮስተር አለ። «ኪራዩ ስንት ነው? በነፃ ከሆነ አልሰማሁዎትም።»

የተዘጋጀሁበት ነበር። ሄምራጅ ከሳር ገመድ የሚገምድ፣ የገመድ አልጋ የሚሠራ ሰው ነው፤ በዚያ ወረዳ የሱን ያህል አጥብቆ የሚወጥር የለም። «የቤታችን አልጋ ሁሉ ረግቧል» አልኩት። «ስተኛ ወገቤ መሬት ይነካል። አልጋዎቹን በአዲስ ገመድ ይሥሩልኝ፤ ኪራዩ እሱ ነው።»

«በየዓመቱ እሠራቸዋለሁ።»

«በየዓመቱ ምን ያደርግልኛል? እኛ ቤት ዝሆን አይተኛም። በሦስት ዓመት አንዴ ይበቃል።»

«በየዓመቱ። ለጉዲም ትንሽ አልጋ እጨምራለሁ።»

«እንግዲያው በሁለት ዓመት።»

«በየዓመቱ ካልሆነ አልከራይም።»

ኪራይ ጨምሩብኝ የሚል ተከራይ ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? ተሸነፍኩለት። ለልጅ ቤት መስጠት ነውር የለውም፤ መቀበል ነው ነውሩ። ይህን እሱም ያውቃል፣ እኔም አውቃለሁ፤ አንዳችንም አላነሳነውም።

«አንድ ነገር ግን አስቀድሜ ልንገርዎ» አልኩት ልወጣ ስል። «ልጅዎን ሲፈልጉ እንደ ወጉ ደጃፌ ላይ መጥተው ነው የሚጠይቁኝ። ደስ ካለኝ እሰድልዎታለሁ፤ ካላለኝ ሥራ አለባት እላለሁ። ምራቴን ዝም ብዬ ለጎረቤት አልሰጥም።»

ያን ጊዜ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ሽማግሌ ሲያለቅስ ማየት ደስ አይልም። እኔ በርበሬዬ ዝናብ ይመታዋል ብዬ ወጣሁ፤ ሰማዩ ጥርት ያለ ነበር።

ናቫል ነገሩን ስነግረው መጀመሪያ የቀለድኩ መሰለው። ከገባው በኋላ ግን ከእኔ ባሰ። በጂፑ መንደር ሄዶ የሄምራጅን ማሽላና ምስር፣ ሁለት ፍየሎቹን፣ የምድጃውን ድንጋዮች ጫነ፤ አልበቃው ብሎ የወደቀውን ቤት የእንጨት በር ከነመቃኑ ነቅሎ አመጣ። በመንገዱ በኩል ገጠመው፤ ትንሽ አልገባ ብሎት ከሥሩ ላገው። ወደ ግቢያችን የሚያስገባውን በር በጡብ ስንደፍን ጎረቤቴ መጥታ አየችና «ኬሰር የምራቷን አባት በግንብ ዘጋችበት፣ ጨካኝ» ብላ ሰፈሩን አዳረሰችው። ይበሉኝ። ከፍ ብሎ አንድ ትንሽ መስኮት ብቻ ቀረ፤ ለአየር።

ክፍሉ ሲያልቅ ሄምራጅ የመጀመሪያ እህሉን ራሱ አስፈጨ። በማግስቱ፣ ፀሐይ ስትበርድ፣ ቀይ ጥምጥሙን ጠምጥሞ፣ በክራንች እየተንገዳገደ በመንገዱ ዞሮ በራችን ላይ ቆመ። ከቤቱ እስከ ቤታችን በር ጥቂት እርምጃ ነው፤ ሰውየው ግን ከሩቅ አገር እንደመጣ ሰው አንገቱን ሰበር አድርጎ ነው የቆመው።

«ልጄን ለጥቂት ቀን ስደዱልኝ» አለ።

ወጉ እንቢ ማለት ነው፣ ቢያንስ አንዴ። «አሁን ሥራ አለብን» ልል አፌን ከፈትኩ። ከጀርባዬ ሱግና ትንፋሿን ይዛ ቆማለች። አላልኩትም።

«ይውሰዷት» አልኩት።

ምራት ወደ አባቷ ቤት ባዶ እጇን አትወጣም። አዲስ ልብስ አለበስኳት። የሰሊጥ ጣፋጭ በሳህን፣ ኮኮናት፣ አንድ ሙዳይ ስኳር አስያዝኳት። ናቫል ሻንጣ ተሸክሞ ይስቃል።

«እማዬ፣ ይህ ሁሉ ለየት ነው? ከግድግዳው ማዶ እኮ ናት የምትሄደው።»

«ዝም በል። እናትህ ወጓን ታውቃለች።»

ጉዲ ልከተል ብላ የእናቷን ቀሚስ ያዘች። «አንቺ ነገ ትሄጃለሽ» ብዬ አስቀረኋት። ዛሬ ብቻዋን ትሂድ ብዬ ነው። ሱግና እግሬን ነክታ ስትነሳ፣ እኔ የማላለቅሰው ሴትዮ፣ አለቀስኩ። እሷም እንደዚያው። ሰፈሩ ሁሉ በየበሩ ወጥቶ ያያል፤ ጎረቤቴ ራሷ ዓይኗን ስትጠርግ አየኋት። ከዚያ ሱግና ፊቷን እንደተከናነበች አባቷን ተከትላ በመንገዱ ዞረች። አንገቴን አውጥቼ ተመለከትኩ። በሩ ላይ ስትደርስ፣ አንድ እግሯን እንዳስገባች፣ ክንብንቧን ከራሷ ላይ ገፋ አድርጋ ትከሻዋ ላይ ጣለችው። ሴት ልጅ አባቷ ቤት ራሷን አትሸፍንም። እኔ ያን ጸጉር እንዲያ በግልጥ አይቼው አላውቅም ነበር፤ ወፍራም ነው፣ እስከ ወገቧ ይወርዳል።

በሩ ተዘጋ። እኔ ወደ ምድጃዬ ተመለስኩ፤ ስንት ዓመት ያልጋገርኩትን ቂጣ ልጋግር። እጄን አቃጠልኩት። ያን ጊዜ ነው ከመስኮቱ ድምፅ የሰማሁት። መጀመሪያ ሌላ ሴት የገባች መሰለኝ።

«አባባ! ጨው የት ነው ያስቀመጥከው?»

«እዚያው ነው።»

«እዚያው የት? ዓይን የለኝም? ኧረ ይህን ምስር ማን ነው እንዲህ የለቀመው፤ ግማሹ ድንጋይ ነው! ጥርስህን ልትጨርስ ነው እንዴ? ተነስ፣ ከዚያ ተነስ፣ እግርህን ዘርጋ አልኩህ!»

«አንቺ ልጅ፣ እንግዳ ነሽ፣ ተቀመጪ።»

«እንግዳ! ብላ፣ ዝም ብለህ ብላ። ሌላ ቂጣ ጨምር። አይ፣ ቅቤው ይነካው፣ አትሰስት፣ የፍየልህ ነው።»

ድስት ተንኳኳ። ከዚያ ሳቀች፤ ጮክ ብላ፣ ጉሮሮዋን ከፍታ፣ እንደ ልጅ። ነውር ነው፣ ግን በርጩማ ጎትቼ ወጣሁና በመስኮቱ አየሁ። ሄምራጅ መሬት ተቀምጦ፣ ጀሶ የታሰረ እግሩን ዘርግቶ፣ ሁለት ጉንጩን ሞልቶ ይበላል። ሱግና ጸጉሯ ተበትኖ ፊቱ ተቀምጣ በአንድ እጇ ሳህኑን እየሞላች በሌላው ራሷ ትጎርሳለች፤ አፏ ሞልቶ እያወራች፣ እየተቆጣችው። ስድስት ዓመት ሙሉ ዝምተኛ ምራት አለችኝ ብዬ ስኮራ የኖርኩ እኔ፣ በርጩማ ላይ ቆሜ አላውቃትም ነበር አልኩ።

ወረድኩ። ናቫል ጥግ ላይ ተቀምጦ ያረረውን ቂጣዬን ሳያማርር ይበላል፤ እሱም ጆሮውን ወደ ግድግዳው አዘንብሏል። ጉዲ የእናቷን ሳቅ ሰምታ ብድግ አለችና «እማዬ!» ብላ ልትጣራ አፏን ከፈተች።

ወደኔ ሳብኳትና እጄን አፏ ላይ አደረግኩ።

«ተያት» አልኳት። «አባቷ ቤት ናት።»